ሰሌዳውን የያዘችው ልጅ ማን ናት?

የቡጢ ውድድር በቴሌቪዥን መስኮት ያየ ሁሉ አንዲት ሴት ማየቱ አይቀርም። ሁለቱ ተጋጣሚዎች ሦስት ደቂቃ ሲፋለሙ ቆይተው ደወሉ ሲደወል ወደየጥጋቸው ይሄዳሉ። አሠልጣኞቻቸው ውኃ ያጠጧቸዋል፤ ያበጠውን ዓይን ያሹላቸዋል፤ የሚደማውን ቅንድብ ይጠርጉላቸዋል። በዚያች የአንድ ደቂቃ ዕረፍት ውስጥ አጭር ልብስ የለበሰች ወጣት በገመዱ መካከል አልፋ ወደ መድረኩ ትወጣለች። ቁጥር የተጻፈበትን ሰሌዳ ከራሷ በላይ ከፍ አድርጋ ይዛ አራቱን ማዕዘን ትዞራለች፤ ፈገግ ትላለች፤ ትወርዳለች። ቀጥሎ የሚመጣው ስንተኛው ዙር እንደሆነ ለተመልካቹ ማስታወቋ ነው። ደወሉ እንደገና ሲደወል የሚያስታውሳት የለም።

የአሸናፊው ስም በማግሥቱ በጋዜጣ ይወጣል። የተሸናፊውም ይወጣል። የዳኛውና የአዘጋጁ ስም እንኳ ይነገራል። የእርሷ ስም ግን አይጠራም።

እንግዲህ የዛሬው ጨዋታችን ስለዚህች ስሟ ስለማይጠራ ሴት ነው። «ቡጢን ከሴቶችና ከቤተሰብ አምድ ጋር ምን አገናኘው?» የምትል እናት፣ «ይህ የፈረንጅ ጉድ እኛ ዘንድ ዱፓና መቱ ድረስ ምን አመጣው?» የምትል ሠራተኛ ትኖር ይሆናል። ጥቂት ታገሡኝ። ነገሩ ከጓዳችን የራቀ አይደለም።

ሥራው እንዴት ተጀመረ?

ልማዱ የመጣው ከአሜሪካ ነው። በ1960ዎቹ (ስለ ውጭ ሀገርና ስለ ዓለም አቀፍ ውድድር ስናነሣ የምንጠቅሰው ዓመት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በቁማር ቤቶቿ በታወቀችው በላስ ቬጋስ የውድድር አዘጋጆች ሰሌዳ የሚያዞሩ ቆነጃጅትን ማሰለፍ ያዙ። በጊዜው ለሥራው ምክንያት አልታጣለትም። በሺሕ የሚቆጠር ሰው በሚጮህበት አዳራሽ ውስጥ ከሩቅ ለተቀመጠው ተመልካች የዙሩን ቁጥር በጆሮ ማሰማት ያስቸግራል። የዓለም ሻምፒዮና ግጥሚያ ያን ጊዜ እስከ 15 ዙር ይዘልቅ ስለነበር ቆጠራው ለብዙው ሰው ይጠፋበት ነበር። ወደ 12 ዙር ዝቅ ማለት የተጀመረው በ1982 ኪም ዱክ ኩ የተባለ ኮሪያዊ ቡጢኛ በላስ ቬጋስ ከደረሰበት ጉዳት ሳይድን ከሞተ በኋላ ነው።

ዛሬ ግን የዙሩ ቁጥር በቴሌቪዥኑ ጥግ ላይ ተጽፎ ይታያል። በአዳራሹ ጣሪያ ሥር በተሰቀለው ትልቅ ሰሌዳም ላይ በመብራት ይበራል። ለመቁጠር ሲባል ሴት ልጅ ገመድ ማለፍ አያስፈልጋትም። ታዲያ ሥራው ለምን አልቀረም? ሰሌዳውን አስተውላችሁ ተመልከቱት። ከቁጥሩ በላይ ወይም በታች የአንድ ድርጅት ስም ተጽፎበታል። ልጅቱ የምታዞረው ቁጥሩን ብቻ አይደለም፤ ማስታወቂያውንም ነው። ዓይን ወደ እርሷ እንዲሄድ ታዛለች፤ ዓይኑ ከሄደ ዘንድ የድርጅቱን ስም ያነባል። የሥራው ምሥጢር ይኸው ነው።

ይህ ደግሞ የቡጢ ስፖርት ሁሉ ልማድ አይደለም። ገንዘብ የሚገኝበት የፕሮፌሽናሉ ቡጢ ልማድ ነው። በኦሎምፒክ የቡጢ ውድድር እንዲህ ያለች ሰሌዳ ያዥ የለችም። ሀገራችን በ1964 በቶኪዮ፣ በ1980 ደግሞ በሞስኮ ኦሎምፒክ ቡጢኞች አሰልፋለች። እነዚያ ልጆች የታገሉበት መድረክ ያለ ቆነጃጅት ሰልፍ ተጀምሮ ያለ ቆነጃጅት ሰልፍ አልቋል። ስፖርቱ በዚህ የጎደለበት ነገር አልነበረም።

እናት በማስታወቂያው፣ ልጅ በመድረኩ

አንድ እውነተኛ ታሪክ ላጫውታችሁ። በጥቅምት 30 ቀን 1974 መሐመድ አሊና ጆርጅ ፎርማን በአፍሪካችን እምብርት፣ ያን ጊዜ ዛየር ትባል በነበረችው ሀገር፣ በኪንሻሳ ከተማ ተጋጠሙ። ያን ግጥሚያ ያልሰማ የለም። ግጥሚያውን እንዲያስተዋውቁ ከአሜሪካ ከተመረጡት አራት ወጣት ሴቶች አንዷ ቬሮኒካ ፖርሽ ትባል ነበር። ሥራዋ በማስታወቂያ ሥዕል ላይ መታየትና እንግዳ ፊት በፈገግታ መቆም ነበር። ከአሊ ጋር የተዋወቁት በዚሁ ግጥሚያ ሰበብ ነው። በ1977 ተጋቡ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻም ላይላ የተባለች ልጅ ወለዱ።

ላይላ አድጋ ምን ሆነች? ቡጢኛ! አባቷ በመጀመሪያ ነገሩን አልወደደውም ነበር። ቢሆንም ከ1999 እስከ 2007 ድረስ 24 ጊዜ ተጋጥማ 24 ጊዜ አሸነፈች። ከእነዚህ ውስጥ 21ዱን ያሸነፈችው ተጋጣሚዋ መቀጠል አቅቷት ነው። በ2001 የአባቷ የድሮ ባላንጣ የጆ ፍሬዘር ልጅ ከሆነችው ከጃኪ ፍሬዘር ጋር ስምንት ዙር ተፋልማ ረታች።

ልብ በሉ። እናቲቱ የቆመችው በማስታወቂያው ላይ ነው። ልጅቱ ግን የቆመችው በመድረኩ መካከል ነው፤ ሰሌዳው የሚዞረው ለእርሷ ነው። በአንድ ትውልድ ውስጥ ይህን ያህል መንገድ ተኬደ።

መንገዱ ግን በምንጣፍ ላይ አልነበረም። ከዚህ ላይ አንድ የሚያስደንቅ ነገር አለ። ሴት አጭር ልብስ ለብሳ ሰሌዳ ይዛ ወደ መድረክ ስትወጣ የከለከላት የለም። ጓንት አጥልቃ ልትወጣ ስትል ግን ሕግ ተጠቀሰ፤ ሐኪም ተጠራ፤ «ተፈጥሮዋ አይፈቅድም» ተባለ። በኒው ዮርክ ሴት ቡጢኞች ፈቃድ ያገኙት ከብዙ ሙግት በኋላ በ1978 ነው። በእንግሊዝ የቡጢ ቦርድ ጄን ካውች ለተባለች ቡጢኛ ፈቃድ የከለከለው ሌላው ቀርቶ የወር አበባን እንደ ምክንያት አንሥቶ ነው። እርሷም ከሰሰች፤ በ1998 ፈረዱላት። በኦሎምፒክም ሴቶች በቡጢ የተወዳደሩት ገና በ2012 በለንደን ሲሆን የተሰለፉት 36 ብቻ ነበሩ።

ያ በር አንዴ ከተከፈተ በኋላ የሆነውን ደግሞ ተመልከቱ። በሚያዝያ 2022 ኬቲ ቴይለር የተባለች አየርላንዳዊትና አማንዳ ሴራኖ የተባለች የፖርቶ ሪኮ ተወላጅ በኒው ዮርኩ ማዲሰን ስኩዌር ጋርደን ተጋጠሙ። በዚያ ዝነኛ አዳራሽ የሴቶች የቡጢ ግጥሚያ የምሽቱ ዋና ግጥሚያ ሲሆን ያ የመጀመሪያው ነው። በ2024 የፓሪስ ኦሎምፒክ ደግሞ ካሜሩን ተወልዳ በልጅነቷ ወደ እንግሊዝ የተሰደደችው ሲንዲ ንጋምባ ለስደተኞች ቡድን ተሰልፋ የነሐስ ሜዳልያ አገኘች። የስደተኞች ቡድን በኦሎምፒክ ሜዳልያ ሲያገኝ ያ የመጀመሪያው ነበር። ሀገር የሌለው ቡድን ስሙን ያስጠራው በአንዲት አፍሪካዊት ሴት ክንድ ነው።

ሥራ ነው፤ ሥራ ከሆነ ደመወዙስ?

አንዳንዶቻችሁ «እንግዲህ ሰሌዳ ያዧ ትቅር፣ ነገሩ ያበቃል» ትሉ ይሆናል። በጥር 2018 በመኪና እሽቅድምድም የታወቀው ፎርሙላ ዋን በመኪኖቹ አጠገብ የሚቆሙትን ቆነጃጅት አስቀረ። በቦታቸውም ሕፃናት እንዲቆሙ ተደረገ። በዚያው ሰሞን በእንግሊዝ የሚዘጋጀው የዳርት ውድድርም ተወዳዳሪዎችን አጅበው የሚገቡትን ሴቶች አሰናበተ። ብዙው ሰው «ደግ ተደረገ» አለ። ከሴቶቹ አንዳንዶቹ ግን በአደባባይ አዘኑ። «የምንኖርበት ሥራችን ነበር፤ ስለ እኛ ሲወሰን እኛን የጠየቀን የለም» አሉ። ይህም ሊደመጥ የሚገባው ነው። ሲያቆሟት ያልጠየቃት ሲያስወርዳትም ካልጠየቃት፣ ክብሯ የተመለሰላት መቼ ነው?

ከዚህ ይልቅ ሌላ ምሳሌ ልጥቀስ። በአሜሪካ የእግር ኳስ ሜዳ ዳር እየጨፈሩ ቡድናቸውን የሚያበረታቱ ሴቶች አሉ። በጥር 2014 የኦክላንድ ሬይደርስ ቡድን ጨፋሪ የነበረች አንዲት ወጣት ቡድኑን ከሰሰች። ክሷ ስለ ልብሷ አልነበረም፤ ስለ ደመወዟ ነበር። ለአንድ ጨዋታ የሚታሰብላት 125 ዶላር ነው። ልምምዱና በየድግሱ መገኘቱ አይቆጠርላትም። የፀጉርና የመኳኳያ ወጪ ከኪሷ ነው። ክፍያውም የሚሰጣት ወቅቱ ሁሉ ሲያልቅ ነው። ሰዓቱ ሲደመር የሰዓት ዋጋዋ ከአምስት ዶላር በታች ሆነ። ቡድኑ በዚያው ዓመት 1 ሚሊዮን 250 ሺሕ ዶላር ለጨፋሪዎቹ ለመክፈል ተስማማ። የካሊፎርኒያ ግዛትም በ2015 እነዚህ ሴቶች እንደ ማንኛውም ሠራተኛ መብታቸው እንዲጠበቅ የሚያዝ ሕግ አወጣ።

ያቺ ወጣት ያስተማረችን ምንድን ነው? «እኔ ጌጥ አይደለሁም፤ ሠራተኛ ነኝ» ማለትን ነው። ይህን አንድ ቃል ይዘን ወደ ቤታችን እንመለስ።

በእኛ ዘንድ ሰሌዳ የሚይዘው ማን ነው?

በዳሪሙም በመቱም የፕሮፌሽናል ቡጢ መድረክ የለንም። ሰሌዳ ያዥ ግን አለን። በዞኑ የትምህርት ቤቶች የስፖርት ውድድር ሲከፈት ከየወረዳው ሰልፍ ፊት የምትሄደውን ልጅ አስታውሷት። የባህል ልብስ ለብሳ፣ ፀጉሯን ተሠርታ፣ የወረዳዋ ስም የተጻፈበትን ሰሌዳ ይዛ ትመራለች። ከኋላዋ የሚሄዱት ተወዳዳሪዎች አብዛኞቹ ወንዶች ናቸው። ሽልማት ሲሰጥም ትሪውን የምትይዘው እርሷ ናት። ለክብር እንግዳው አበባ የምታበረክተው እርሷ ናት። ይህ በራሱ ነውር የለበትም፤ ያምራልም። ነገር ግን በዚያ ቀን ከትምህርት ቤቱ ልጃገረዶች ስንቶቹ ሰሌዳና ትሪ እንደያዙ፣ ስንቶቹ ደግሞ ሮጠው እንደተወዳደሩ ቆጥረን እናውቃለን?

ቡናችንንም ተመልከቱት። ኢሉባቦር የቡና ሀገር ነው። በየማሸጊያው ላይና በየማስታወቂያው ላይ ጀበና ይዛ የምትስቅ ሴት ሥዕል አለች። ቡናውን ከጫካ የለቀመችው፣ ያሰጣችው፣ ቀኑን ሙሉ አጎንብሳ ብልዙን ከደኅናው የለየችው እናት ግን ሥዕል የላትም። አንዲቱ ትታያለች እንጂ አትሰማም። ሌላይቱ ትሠራለች እንጂ አትታይም። ሁለቱም ስም የላቸውም።

የዚህን ነገር ክብደት ያየሁት በአብሮ አደጌ ቤት ነው። እርሷ ዱፓ ትኖራለች። እኔ መቱ ነኝ። የመጀመሪያ ልጇ መቱ ከሚገኝ ኮሌጅ በሒሳብ ሥራ ተመረቀች። ሁለት ዓመት ሙሉ ማስታወቂያ ስታነብና ማመልከቻ ስትጽፍ ከርማ ሥራ ብታጣ አዲስ አበባ ገባች። ከሁለት ጓደኞቿ ጋር አንዲት ክፍል ተከራይታ በየኤግዚቢሽኑና በየምርቃቱ እንግዳ መቀበል፣ የድርጅት ሰሌዳ ይዞ መቆም ጀመረች። ከምታገኘው ለታናሽ ወንድሟ ደብተርና ዩኒፎርም ትገዛለች። ባለፈው ክረምት ደግሞ የእናቷ ቤት ጣሪያ ሲያፈስ ለቆርቆሮ የሚሆን ገንዘብ ላከች።

አንድ ቀን ፎቶግራፏ ከስልክ ወደ ስልክ እያለፈ ዱፓ ደረሰ። ከጉልበት በላይ የሆነ ቀሚስ ለብሳ፣ ረጅም ተረከዝ ተጫምታ፣ የአንድ ዕቃ አስመጪ ማስታወቂያ ይዛ ቆማለች። ሻይ ቤት የተቀመጡ ወንዶች ሣቁ። እናቲቱ በገበያ ቀን መቱ ድረስ መጥታ ስልኳን ከፊቴ አስቀመጠችና «እይልኝ እስቲ! ልጄን ገበያ አወጧት» አለችኝ። ከዚያ ወዲያ የልጇን ስልክ አላነሣ አለች። ቀጥሎ የተላከውንም ገንዘብ በመጣበት መንገድ መለሰችው።

ለልጅቱ ደወልኩላት። በመጀመሪያ ዝም አለች። ቆይታ ግን እንዲህ አለችኝ፦ «አክስቴ፣ በቀን ዘጠኝ ሰዓት በዚያ ጫማ ላይ እቆማለሁ። መቀመጥ ክልክል ነው። ምሳ የምበላው ከመጋረጃ ኋላ ቆሜ ነው። ገንዘቡ የሚከፈለኝ ከወር በኋላ ነው፤ እሱም ተቆራርጦ። ማታ ስወጣ ስልክ ቁጥር ካልሰጠሽኝ የሚል አላጣም። እናቴ ስለ ቀሚሴ ጠየቀችኝ። ስለ እግሬ ግን አልጠየቀችኝም።»

ውድ አንባቢዎች፤ ይህን ቃል ከሰማሁ ወዲህ ከጆሮዬ አልጠፋም። ለእናቲቱም ሳልጨምር ሳልቀንስ ነገርኳት። አንገቷን ደፍታ ብዙ ጊዜ ዝም አለች። ከዚያም «እግሯን ያማታል ወይ?» አለችኝ። «እኔን አትጠይቂኝ፤ እርሷን ጠይቂያት» አልኳት። በዚያው ሳምንት ደወለችላት። ሁሉም ነገር ተስተካከለ አልላችሁም። እናት አሁንም ያን ቀሚስ አትወደውም፤ ልጅም ሌላ ሥራ እየፈለገች በዚያው ትሠራለች። ነገር ግን ይነጋገራሉ። የሚነጋገር ቤት ደግሞ መፍትሔ አያጣም።

የእናትን ቁጣ አልንቀውም። ልጇን በላብና በጭስ አሳድጋ ለሻይ ቤት ሣቅ ስትዳረግባት ያልተቃጠለች ምን እናት ትባላለች? ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁም ይባላል። እናቲቱ የታያት የአጥሩ መነቅነቅ ነው። ነገር ግን ቁጣው የወደቀው በማን ላይ ነው? ቀሚሱን የመረጠው አሠሪው ነው። ዋጋውን የቆረጠው አሠሪው ነው። የሣቁት ሻይ ቤት የተቀመጡት ናቸው። ስልኩ የተዘጋው ግን በልጅቱ ላይ ነው። ልጅ በእናቷ ቤት በር ከተዘጋባት የሚከፈትላት በር ምን ዓይነት እንደሚሆን አታስቡትምን?

ምን ብለን እንጠይቅ?

እንግዲህ ልጃችሁ ወይም እኅታችሁ በእንዲህ ያለ ሥራ ብትሰማራ ከመቆጣታችሁ በፊት የምትጠይቁት ይኑራችሁ።

መጀመሪያ ውሉን ጠይቁ። በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ የወጣው አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የሥራ ውል በጽሑፍ ካልተደረገ አሠሪው በ15 ቀን ውስጥ የውሉን ዋና ዋና ነጥቦች የያዘ ጽሑፍ ፈርሞ ለሠራተኛው እንዲሰጥ ያዛል። ስንት ሰዓት እንደምትቆም፣ ስንት እንደሚከፈላት፣ መቼ እንደሚከፈላት በወረቀት ይስፈር። «በቃል ተስማምተናል» የሚባለው ነገር የሚጠቅመው ከፋዩን እንጂ ተከፋይዋን አይደለም።

ሁለተኛ ደኅንነቷን ጠይቁ። ይኸው አዋጅ በሥራ ቦታ ወሲባዊ ትንኮሳና ጥቃት መፈጸምን በግልጽ ይከለክላል። ፈገግታ የሥራዋ ክፍል ሊሆን ይችላል፤ ስልክ ቁጥሯ ግን የሥራዋ ክፍል አይደለም። ማታ ስትወጣ በምን ትሄዳለች? ልብስ የምትለውጥበት በር የሚዘጋ ክፍል አለ ወይ? ከሥራ ጓደኞቿ ጋር ተያይዛ ትወጣለች ወይስ ብቻዋን? ዕድሜዋስ? ከ15 ዓመት በታች የሆነ ልጅ መቅጠር በሕግ ክልክል ነው። ከ18 ዓመት በታች የሆነችም የተለየ ጥበቃ አላት፤ የሌሊት ሥራ አይፈቀድላትም።

ሦስተኛ ከዚህ ሥራ ወዲያ ያለውን ጠይቁ። ሰሌዳ ይዞ መቆም ለዕድሜ ልክ የሚሆን ሙያ አይደለም። ዛሬ ለወጣትነቷ የሚፈልጋት አሠሪ ነገ በወጣትነቷ ማለፍ ያሰናብታታል። የሒሳብ ሥራ የተማረች ልጅ የሒሳቧን ደብተር እንዳትዘጋ አበረታቷት። ማታ የምትማረው፣ ዓርብ የምታመለክተው ነገር ይኑራት። ለእንግዶች ሰላምታ እየሰጠች የምትቆምለት ድርጅት በውስጡ ሒሳብ ሠራተኛ ያስፈልገዋልና ያንንም በር ታንኳኳ።

እነዚህን ሦስቱን ስትጠይቋት ልጃችሁ አንድ ነገር ይገባታል። እናቷ የምታየው ቀሚሷን ብቻ ሳይሆን እርሷን መሆኑን ታውቃለች። ክፉ ነገር በገጠማት ቀን የምትደውለው እንዲህ ወደጠየቃት ሰው ነው።

ሌላውን በር ስለ መክፈት

ይህ ሁሉ ግን የጎልማሳዋ ነገር ነው። ለትንሿ ልጃችንስ? የሀገራችን ሴቶች ሰሌዳ ከመያዝ አልፈው መድረኩን መያዝ እንደሚችሉ ከማንም መማር አያስፈልጋቸውም። በቆጂ ያደገችው ደራርቱ ቱሉ በ1992 በባርሴሎና ኦሎምፒክ በ10 ሺሕ ሜትር ወርቅ ስታገኝ ከአፍሪካ ጥቁር ሴቶች የመጀመሪያዋ ነበረች። ኋላም የኢትዮጵያ አትሌቲክስ ፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆና መርታለች። ፋጡማ ሮባ በ1996 በአትላንታ ማራቶንን አሸንፋለች። ልድያ ታፈሰ በ2015ና በ2019 በሴቶች የዓለም ዋንጫ ከተመደቡት የእግር ኳስ ዳኞች አንዷ ነበረች። ፊሽካ የያዘች ሴት ሃያ ሁለት ሰው ታስቆማለች!

በዱፓም በመቱም ልጃገረድ ለውድድር የማትመዘገበው ጉልበት አጥታ አይደለም። ወንድሟ ከትምህርት ቤት በኋላ ኳሱን ይዞ ሲወጣ እርሷ እንስራውን ይዛ ትወርዳለች። እርሱ ሲለማመድ እርሷ ወጥ ታማስላለች። ውድድሩ ሲደርስ እርሱ ተወዳዳሪ ይሆናል። እርሷ ደግሞ ሰሌዳ ትይዛለች። ይህን የፈረደው አስተማሪው ብቻ አይደለም። እኛ ቤት ውስጥ አስቀድመን ፈርደነዋል። በሳምንት ሁለት ቀን ውኃውን ወንድምየው ቢቀዳ ምን ይጎድላል? አባቶችም ይህን አንብቡት። ለወንዱ ልጅ ሸራ ጫማ የገዛ እጅ ለሴቷም መግዛት አያቅተውም።

ለመምህራንም አንድ ቃል አለኝ። በመጪው ውድድር መክፈቻ ሰሌዳውን አንድ ዓመት ሴት፣ አንድ ዓመት ወንድ ይያዘው። ወይም ባለፈው ዓመት ያሸነፈው ይያዘው፤ ሰሌዳ መያዝ ያን ጊዜ ሽልማት ይሆናል። ትሪ የያዘችውም ልጅ ስሟ በድምፅ ማጉያ ይጠራ። ስም ለመጥራት ገንዘብ አይጠየቅም።

ለሁላችንም ደግሞ ይህን አደራ ልበል። በየአዳራሹ በር ቆማ «እንኳን ደኅና መጡ» የምትለውን፣ ሰሌዳ ይዛ የምትቆመውን፣ በየባዛሩ ወረቀት የምታድለውን ወጣት ስታገኙ የማንም ልጅ እንዳልሆነች አድርጋችሁ አትለፏት። ከላይ እስከ ታች አይታችሁ አትሣቁባትም። የአንድ ቤት ልጅ ናት፤ ምናልባትም ያ ቤት በዚያች ቀን የሚበላው በእርሷ ቁመት ነው። ስሟን ጠይቋት፤ በስሟም ጥሯት። ወንበር ካለም አቀብሏት።